ድንጋዩ እስኪያርፍ

የሙዚቃ ባንዳችን የሚለማመደው ሽንኩርት መጋዘን ውስጥ ነበር። መጋዘኑ የቤዝ ጊታር ተጫዋቻችን አጎት ንብረት ነው። ሽንኩርቱ ተጭኖ ሲሄድ ቤቱ ሰፊ አዳራሽ ይሆንልናል፤ አዲስ ምርት ሲገባ ደግሞ ከጆንያ ጋር እየተጋፋን እንጫወታለን። በእኛ ሙዚቃ ያለቀሰ አድማጭ አይቼ አላውቅም፤ እኛ ግን በየልምምዱ እንባችን ይወርድ ነበር።

አራት ነበርን። ቤዝ የሚጫወተው ልጅ ባጃጅ ይነዳል። ድምፃዊታችን የጤና ጣቢያ ነርስ ነበረች። ድራም የሚመታው ፀጉር አስተካካይ ነው። እኔ ኪቦርድ እጫወታለሁ፤ ቀን ቀን ሒሳብ አስተምራለሁ። ከጎጃም ተመድቤ ቆቦ ከመጣሁ ብዙ ዓመት ሆኖኛል፤ ስሜ ግን አሁንም "ጎጃሜው" ነው። ቁጡ ነኝ፤ ይህን ተማሪዎቼም ባንዱም ያውቃሉ። ትዝታን፣ ባቲንና አምባሰልን ለወሎ ልጆች ወረቀት ላይ ጽፌ ሳስረዳ ድራመሩ፣ "አቦ መምህር፣ የእናታችንን ስም ልታስጠናን ነው?" ይለኝ ነበር። እኔ እቆጣለሁ፣ እነሱ ይስቃሉ።

የድሮ መሣሪያዎቻችን በጦርነቱ ጊዜ ጠፍተዋል። ኪቦርዴ ሁለት ቁልፎቹ አይሠሩም፤ ጣቶቼ በጊዜ ብዛት እነሱን መዝለል ስለለመዱ ደህናው ኪቦርድ ላይ ስቀመጥ እሳሳታለሁ። መብራት ሲጠፋ በጄኔሬተር እንጫወታለን፣ ጄኔሬተሩ ከድራሙ በላይ ይጮኻል። ይህ ሁሉ ግን ይቻላል። የማይቻለው ሌላ ነበር። ሰርግ ላይ እንጠራለን፣ የታወቀ ዘፋኝ ዘፈን ታዝዘን እንጫወታለን፣ ሰዉ ይጨፍራል፣ በማግስቱ ሲወራ የምትሰሙት ስለ ዘፈኑ ባለቤት እንጂ ስለ እኛ አይደለም። የአንዲት ሙሽራ እናት እንዲያውም በማግስቱ መንገድ ላይ አግኝታኝ፣ "ትናንት ቴፑ ጥሩ ነበር" አለችኝ። ቆሽቴ አረረ። ውሃ ቢወቅጡት እንቦጭ ማለት እንዲህ ነው።

ድራመሩ ከሁላችንም ይበልጥ ነበር። ይህን ለማለት ብዙ ጊዜ ወስዶብኛል፣ አሁን ግን እላለሁ። ፀጉር ሲቆርጥ እንኳ መቀሱ ዝም ብሎ አይንቀሳቀስም፤ ወንበሩ ላይ የተቀመጠው ሰው ሳያውቀው እግሩን ሲመታ አይቻለሁ። ይህ ሰው ታዲያ ያን ዓመት ቁርጡን ነግሮን ነበር፤ ማሽላው እስኪሰበሰብ ይቆያል፣ ከዚያ በአፋር በኩል ወጥቶ፣ ባሕር ተሻግሮ ሳዑዲ ይገባል። የነገረን ጢሜን እየላጨኝ ነው። ምላጩ ጉሮሮዬ ላይ ስለነበር ልቆጣ አልቻልኩም።

ከራያ በዚያ መንገድ ወጣት ያልሄደበት ቤት ጥቂት ነው። አንዳንዱ ደርሶ ይደውላል፤ አንዳንዱ ድምፁ ይጠፋል። እኔ በሒሳብ ተከራከርኩት፣ በካርታ ተከራከርኩት፣ በረሃውን በኪሎሜትር ለካሁለት። ሰምቶኝ ሲያበቃ፣ "መምህር፣ አንተ ወር በመጣ ቁጥር ደመወዝ አለህ" አለኝ።

አንድ ነገር ብቻ ተስፋ ሰጠኝ። ወልድያ ስቱዲዮ ያለው ሰው አንድ ሰርግ ላይ ሰምቶን፣ "እጃችሁ ደህና ነው፣ ግን የሰው ዘፈን ነው የምትጫወቱት። የራሳችሁን አንድ አምጡ፤ ከወደድኩት እቀርጽላችኋለሁ" ብሎን ነበር። "ያ ዘፈን ቢመጣስ ትቆያለህ?" ስል ድራመሩን ጠየቅሁት። "እናያለን" አለኝ። በአገራችን "እናያለን" ምን ማለት እንደሆነ ታውቃላችሁ። በዚያው ሳምንት ነርሷ ወደ ደሴ ተዛወረችና ያለ ድምፃዊ ቀረን።

በጥቅምት አንድ ቅዳሜ ጠዋት ከቤዝ ተጫዋቹ ጋር ወደ ሮቢት ስንሄድ የባጃጁ ጎማ ተነፈሰ። ግራና ቀኙ ማሽላ ነው፤ ዘንድሮ ሰምሮ ቁመቱ ከሰው በላይ ሆኗል፣ ራሱም ማሸት ጀምሯል። እሱ ጎማ ይፈታል፣ እኔ እንደ ልማዴ እነጫነጫለሁ። ድምፁ የመጣው ያን ጊዜ ነው።

ከማሽላው መሃል፣ ከሩቅ፣ የሴት ድምፅ። ሬዲዮ የሚወደው ዓይነት ለስላሳ ድምፅ አይደለም፤ ሻካራ ነው፣ ግን ሜዳውን ሞልቶ እስከ ዞብል ተራራ የሚደርስ ይመስል ነበር። አንድ ስንኝ ትልና ዝም ትላለች። ዝምታው ሲረዝም ጨረሰች ብዬ አስባለሁ፤ ከዚያ ቀጣዩን ትለቀዋለች።

ብረሪ ወፊቱ፣ ክንፍ ተሰጥቶሻል፤
እኔን ያሰረ እህል፣ አንችን መች ይዞሻል።

ባለሁበት ቆምኩ። ቅኝት አስተማሪው እኔ፣ በየትኛው ቅኝት እንደምታዜም መለየት አቃተኝ፤ አራቱንም አውቃለሁ የምል ሰው አንዱም አልሆን አለኝ። ቤዝ ተጫዋቹ ቀና ብሎ አየኝና፣ "መምህር፣ ዝም አልክ እኮ። አመመህ?" አለኝ። ከዚያ እሱም ሰማት፣ ብሎኑን ጣለና ስልኩን አውጥቶ ይቀዳ ጀመር።

ማታውን መጋዘን ውስጥ ለድራመሩ አሰማነው። ደጋግሞ አዳመጠና፣ "ይች ናት" አለ። ከዚያ በኋላ የመጣው ጥፋት የእኔ ነው። በስንኞቹ መካከል ያለው ዝምታ አስቸገረኝ። አንዱ አጭር ነው፣ አንዱ ረጅም፣ ሦስተኛው ደግሞ ከሁለቱም ይለያል። ትንፋሽ ስትወስድ ነው፣ ወይም ሐሳቧ ሲበታተን ነው ብዬ ደመደምኩ። የሒሳብ ሰው ነኝ፤ ያልተስተካከለ ነገር አይመቸኝም። ዝምታውን ሁሉ ቆርጬ ጣልኩ፣ ስንኞቹን እኩል እኩል ደረደርኩ፣ ኪቦርዱ ውስጥ ያለውን ምት ከሥር አስገባሁበት። ነርሷ ስለሌለች ቤዝ ተጫዋቹ ያዜም ተባለ። የገዛ ሥራዬን ስሰማ ኮራሁ፤ ለማንም ባልናገርም ወልድያን አልፌ አዲስ አበባ መድረክ ላይ ራሴን አይቼ ነበር። የቸኮለች አፍሳ ለቀመች ይባላል፤ እኔ ግን ማፍሰሴንም አላወቅሁም።

በሁለተኛው ሳምንት ጎብዬ ከተማ ሰርግ ነበረን። ዘፈኑን በመሃል አስገባነው። ሰዉ ጨፈረ፤ እስክስታው ወረደ፣ አቧራው ጨሰ። ስንጨርስ ዱላቸውን ትከሻቸው ላይ አጋድመው የተቀመጡ አንድ ሽማግሌ ጠሩን።

"እናንት ልጆች፣ ይህች የወፍ ጥበቃ ዜማ አይደለችም?"

"ናት አባባ" አልኩ ደስ ብሎኝ።

"እንዲህ ኸዘፈናችሁላትማ ግሪሳው ማሽላውን በልቶ፣ አፉን ጠርጎ ነው የሚሄድ!"

ድንኳኑ ሙሉ ሰው ሳቀ። እኔ ኩም አልኩ። ግሪሳ በመንጋ የምትመጣዋ ትንሽዬ ወፍ ናት፤ አንድ ጠዋት ካገኘች የዓመት ድካም ታጠፋለች። ድራመሩ አልሳቀም። የድራም ዱላዎቹን አጣምሮ ኪሱ ከተተና፣ "ባለቤቷ ዘንድ መሄድ አለብን። ሳንጠይቃት ነው የወሰድነው" አለ። ይህ ነገር እስከዚያች ደቂቃ ለእኔ ትዝ አላለኝም ነበር፤ አሁንም ሳስበው አፍራለሁ።

በማግስቱ ሦስታችንም ሄድን። ማሳው መሃል ማማ ቆሟል፤ አራት እንጨት ተተክሎ ከላዩ ርብራብ ያለው፣ ጠባቂው ወጥቶ ማሽላውን ከላይ የሚያይበት። ሴትዮዋ ከማማው ወረደች። አምሳ ዓመት ያለፋት፣ ረጅም፣ ቀጭን፣ ክንዷ እንደ ወንድ የጠነከረ ሴት ናት። ሰላምታው አለቀ፤ እኛም፣ ከብቱም፣ አገሩም ደህና መሆኑ ተጠየቀ። ከዚያ ድራመሩ ጎንበስ ብሎ እውነቱን ነገራት፤ ከመንገድ ላይ ሆነን ድምፅዎን ቀዳን፣ ሳናስፈቅድ ሰርግ ላይ ተጫወትነው፣ ይቅር ይበሉን አላት። "እስኪ አሰሙኝ" አለች። ሰርጉ ላይ የተጫወትነውን ከፍቼ ስልኬን ሰጠኋት፣ ሰው እንደሚያናግር ጆሮዋ ላይ ለጥፋ እስከ መጨረሻው ሰማች።

"ያ ረቢ!" አለች። "ድንጋዬንስ የት አደረሳችሁት?"

ሦስታችን ተያየን። የምን ድንጋይ?

ማማው ላይ ወጣች። ወንጭፏን አነሳች፣ ድንጋይ አጎረሰችው። ስንኙን ለቀቀችው፤ በመጨረሻዋ ቃል ላይ ወንጭፉን አዙራ ሰደደችው። ከዚያ ዝም አለች። ድንጋዩ በላያችን እየተምዘገዘገ ሲሄድ ሰማነው፣ ከዚያ መስማት አቆምን፣ ግን ገና አየር ላይ ነው። ከሩቅ ማሽላው ኮሽ አለ። ግሪሳው አንድ ላይ ተነሳና ሰማዩ ለጥቂት ጊዜ ጠቆረ። ሁለተኛውን ስንኝ ያን ጊዜ ነው ያለችው። ቀጥሎ ወፎቹ አጠገባችን አረፉ፤ ድንጋዩም በቅርብ ወደቀ፣ ዝምታውም አጠረ።

እኔ ቆርጬ የጣልኩት ይህን ነው። ትንፋሽ አልነበረም፣ የሐሳብ መበታተንም አልነበረም። ድንጋይ ሄዶ እስኪያርፍ የሚጠበቅበት ጊዜ ነው፤ ወፏ ባረፈችበት ቦታ ልክ ይረዝማል፣ ያጥራል። አፈርኩ፤ ከማፈሬም በላይ ግን ተደነቅሁ። ኪሎሜትርና ደቂቃ ሳስተምር የኖርኩ ሰው፣ ርቀት እንዲህ ሲዘፈን ሰምቼ አላውቅም ነበር።

ወልድያ መጥታ ራሷ እንድታዜም ለመንናት። "እኔ ዘፋኝ አይደለሁም፣ ወፍ ጠባቂ ነኝ" አለች። "ደግሞስ ማማዬን ትቼ አንድ ቀን ብውል ግሪሳው ዓመቴን ይበላዋል። ፊት ልጄ ነበር የሚጠብቅ። እሱ ባሕሩን ተሻግሮ ሄደ፤ ሁለት ክረምት አለፈ፣ ድምፁንም አልሰማሁ። አላህ ያውቃል።" ይህን ስትል ወደ ማሽላው እያየች ነው፣ ድምፅዋም አልተለወጠም። ድራመሩ መሬት መሬት ያይ ነበር።

ቀና ብሎ፣ "እስኪታጨድ ድረስ እኔ አግዝዎታለሁ" አላት። "ኸዚያ በኋላ ይመጣሉ?"

"ኸዚያ በኋላ እንኳ ምን ሥራ አለኝ" አለች ሳቅ ብላ።

እኔና ቤዝ ተጫዋቹ ተያየን። እሱ የሚሄደውም ከአጨዳው በኋላ ነው። ይህን ለሷ አልነገራትም፣ እኛም አልነገርናት።

ከዚያን ቀን ጀምሮ ድራመሩ ከሱብሂ ሶላት በኋላ ማሳው ውስጥ ነው። ወፍ በማለዳና ከሰዓት በኋላ ስለሚበረታ ፀጉር ቤቱን የሚከፍተው እኩለ ቀን ላይ ሆነ፤ ደንበኞቹ ፀጉራቸው አድጎ ተቆጡ። እኔና ቤዝ ተጫዋቹ ቅዳሜና እሑድ እንሄድ ነበር። ወንጭፍ ቀላል ይመስላል። የመጀመሪያው ድንጋዬ ወደ ኋላ ሄዶ የባጃጁን የፊት መብራት ሰበረው። ሴትዮዋ ሆዷን ይዛ ማማው ላይ ተቀመጠች፤ "መምህር፣ ወፉ እኮ ኸፊት ነው!" እያለች እንባዋን ጠረገች። ቤዝ ተጫዋቹ ግማሽ ቀን አኮረፈኝ።

ድራመሩ በሳምንቱ መወርወሩን ተካነ። ዝምታውን ግን አልቻለውም። ማታ ማታ መጋዘን ውስጥ ቅጂዋን ከፍተን ስንሞክር፣ ወይ ቀድሟት ይገባል ወይ ይዘገያል። ጣቱን እያጠፈ ይቆጥራል፣ እኔም አብሬው እቆጥራለሁ፣ በሰከንድ ጽፌ ግድግዳ ላይ ለጠፍኩለት። የባሰ ተበላሸ። ብዙ ጊዜ ዱላውን ጥሎ ወጥቷል፤ አንድ ጊዜ እንዲያውም፣ "ይልቅ ሻንጣዬን ልሸክፍ" ብሎ ሄደ። ያን ማታ ሽንኩርት በሌለበት ቤት ዓይኔ አቃጠለኝ።

ኅዳር ሲጋመስ አንድ ቀን አገኘው። ቅጂውን ከፍተን ነበር፤ ስንኙ አለቀ፣ እሱ እጆቹን አየር ላይ አንስቶ ቆመ፣ ዓይኑ ግድግዳውን ትቶ ወደ ላይ ሄደ፣ ከዚያ ዝቅ አለ፣ መታው። ከሷ ድምፅ ጋር እኩል ገባ። ደግመን ሞከርነው፤ በሌላኛውም ዝምታ፣ በሦስተኛውም አልሳተም።

"ስንት ቆጠርክ?" አልኩት።

"አልቆጥርም" አለኝ። "እጠብቃለሁ።"

ከግድግዳው ላይ ወረቀቴን ገነጠልኩት።

ማሽላው ታጨደ። መንገዱ ሰላም በሆነ አንድ ማክሰኞ እሷን ይዘን በሚኒባስ ወልድያ ገባን። አዲስ ሻሽ አስራለች፤ ስቱዲዮ ማለት ሐኪም ቤት መስሏት "ይወጉኛል እንዴ?" ብላ ጠይቃን ነበር። ባለ ስቱዲዮው ደግሞ እሷን ለብቻ አንድ ክፍል፣ ድራመሩን ሌላ ክፍል አስቀመጠ፣ በጆሮ ማዳመጫቸውም ክሊክ የሚሉትን፣ ቀጥ ቀጥ እያለ የሚቆጥረውን ድምፅ ለቀቀባቸው። አንድ ስንኝ ብላ ማዳመጫውን አወለቀች። "ጆሮዬ ውስጥ ፌንጣ አለ" አለች።

ባለ ስቱዲዮው ሳቀ። ደግሞ ሞከሩ፣ ደግሞ ተበላሸ። በመጨረሻ ተሰላችቶ፣ "ያለ ክሊክ አልቀርጽም። ወይ ክሊኩን ትከተል ወይ እናንተው ተስማምታችሁ ሌላ ዘፋኝ አምጡ" አለ። እኔ ልቆጣ አፌን ስከፍት ድራመሩ ቀደመኝ። አልጮኸም። "አንድ ጊዜ ብቻ አጥፋልን" አለው። "እሷንም እኔ ፊት አስቀምጣት። እጇን ማየት አለብኝ። ካልሆነ ሻይ ጠጥተን እንሄዳለን።" ሰውዬው ሰዓቱን አየና፣ "አንድ ጊዜ" አለ።

ፊት ለፊት ተቀመጡ። በክፍሉ ወደ ውጭ የሚያሳይ መስኮት የለም፣ ወፍ የለም፣ ማሽላ የለም። ዓይኗን ጨፈነች። ስንኙን ለቀቀችው፤ በመጨረሻዋ ቃል ላይ ባዶ እጇ ዞሮ ተዘረጋ። ከዚያ ሁላችንም ዝም አልን። ጣቶቼ ከኪቦርዱ በላይ ተንጠልጥለው ቀሩ። በመስታወቱ ማዶ ባለ ስቱዲዮውን አየሁት፤ ራሱ ቀና ብሎ ነበር፣ ዓይኑ በጣሪያው ላይ ከአንዱ ጥግ ወደ ሌላው ቀስ ብሎ ተጓዘ፣ ከዚያ ወረደ። ሰውዬው ማሳውን አይቶት አያውቅም፣ የድንጋዩንም ነገር ማንም አልነገረውም። ዓይኑ ሲያርፍ ድራሙ ገባ፣ እሷም ሁለተኛውን ስንኝ አለች። በሕይወቴ ከዚያ የሚበልጥ ነገር አላየሁም። ቁጣዬ፣ ዲግሪዬ፣ ኪቦርዴ፣ ሁሉም አነሰብኝ፤ ማነሱም ደስ አለኝ።

ሲያልቅ ባለ ስቱዲዮው መቅረጫውን አጠፋ። ከዚያ፣ "ሁለተኛ አያስፈልግም" አለ።

ዘፈኑ የት ደረሰ ለምትሉኝ፣ አዲስ አበባ ማንም አልጠራንም። ቆቦ ውስጥ ግን ባጃጅ ሁሉ ይከፍተዋል፤ ተሳፋሪው በዝምታው ቦታ ላይ ወሬውን ያቆማል፣ ሹፌሩም የተበላሸበት እየመሰለው ስልኩን ነካ ያደርጋል። ሰርግ ላይ ከሌላው ሰው ዘፈን መሃል አንድ የእኛ አለ። ይኸው ነው ያገኘነው፤ ለእኔ በቅቶኛል።

ያን ማክሰኞ ስንመለስ ሮቢትን አልፈን እሷ መውረጃ ላይ አብረናት ወረድን፣ እስከ ቤቷ ልንሸኛት። መንገዱ በማሳዋ መሃል ያልፋል። አገዳው ታጭዶ ተከምሯል፣ ሜዳው ራቁቱን ነው። ማማው ወደ አንድ ጎን ተጋድሟል። ቆም ብላ አንዱን ቋሚ በእግሯ ነካ ስታደርገው ተፈረካከሰ፤ ውስጡን ምስጥ ጨርሶታል።

"ይህስ አበቃለት" አለች። "ለማገዶ እንጂ ለሌላ አይሆንም። የከርሞውን ማን እንደሚሠራልኝ እንጃ፤ ፊት ልጄ ነበር የሚሠራ።"

ማንንም አልጠየቀችም፤ ለራሷ የምትናገር ነበር የምትመስለው። እኔ ወደ ድራመሩ ማየት ፈራሁ። ቤዝ ተጫዋቹም ጫማውን ያሥር ጀመር፤ ጫማው ክር የለውም።

ድራመሩ ወደ ወደቀው እንጨት ሄዶ ቁጢጥ አለ። የቋሚዎቹን ርቀት በስንዝሩ ለካ፣ አንዴ ወደ አፋሩ መንገድ፣ ወደ ዞብል በኩል ቀና ብሎ አየ።

"ግራር ነው የሚሻል" አለ። "ግራሩን ምስጥ ቶሎ አይበላውም። እኔ አመጣዋለሁ።"

"መስከረም ላይ ነው የሚቆም" አለችው። "ኸዚያ ኸዘገየ ግሪሳው ይቀድመናል። ታዲያ እንዳትረሳ።"

"አልረሳም" አላት። "መስከረም ላይ አለሁ።"